ጥቁር ቦሎቄን ከጥሬው ቀቅሎ የሜክሲኮን «ፍሪሆሌስ ሬፍሪቶስ» ስለ መሥራት

ጥያቄ፦
ጤና ይስጥልኝ። የምኖረው ሜሪላንድ ነው። በጾም ቀናት ከሽሮና ከምስር ወጥ ሌላ ነገር ላብስል ብዬ በሜክሲኮ ምግብ ቤቶች ከሩዝ ጋር የሚቀርበውን የተደቆሰ ጥቁር ቦሎቄ ቤቴ ሞከርሁት። ግማሽ ኪሎ ጥሬ ቦሎቄ ከተከተፈ ቲማቲም ጋር ጥጄ ሦስት ሰዓት ያህል ብቀቅለውም ልጣጩ አልለሰለሰም፤ ውሃውን ደፍቼ በዘይት ስጠብሰው ደግሞ ደርቆ ተፈረፈረ። በቆርቆሮ የሚሸጠው ግን ልስልስ ያለ ነው። ስሕተቴ ምኑ ላይ ነው? ስሙ «ሁለት ጊዜ የተጠበሰ» ማለት ከሆነስ አንዱን መጥበስ ዘልዬው ይሆን?

መልስ 1፦
የዘለሉት ነገር የለም። በሜክሲኮ ስፓኒሽ ከቃል ፊት የሚገባው «ሬ» ብዙ ጊዜ ማጠንከሪያ ስለሆነ «ሬፍሪቶስ» በደንብ የተጠበሰ ማለት ነው፤ ቦሎቄው አንዴ ይቀቀላል፣ አንዴ ይጠበሳል።

ልጣጩን ያጠነከረው ቲማቲሙ ነው። ኮምጣጣ ነገር ልጣጩን አጣብቆ የያዘው ፔክቲን እንዳይሟሟ ስለሚያግደው፣ ቲማቲምም ሆነ ሎሚ መግባት ያለበት ፍሬው በጣት ሲጫኑት የሚፈርስ ከሆነ በኋላ ነው። ጨው ግን ያለ ጥፋቱ ይወቀሳል፤ በ1 ሊትር ውሃ 15 ግራም ያህል ጨው አሟሙተው ቦሎቄውን ሌሊቱን ቢዘፈዝፉበት ልጣጩ እንዲያውም ይለሰልሳል።

ድርቀቱ የመጣው ውሃውን ስለደፉት ነው። የተቀቀለበት ጥቁር ውሃ ስታርቹንም ጣዕሙንም የያዘ በመሆኑ ለብቻው ይቀመጥ። አንድ ቀይ ሽንኩርት አድቅቀው ከትፈው በአምስት የሾርባ ማንኪያ ዘይት ቡናማ እስኪሆን ያቁላሉ፤ ከዚያ ቦሎቄውን ከጥቂት ውሃው ጋር ጨምረው በእንጨት መደቆሻ እያደቀቁ፣ ሲወፍር ውሃውን ጠብ እያደረጉ ያማስሉት። ማማሰያውን ሲጎትቱት የመጥበሻው ወለል ለአፍታ ታይቶ ከተሸፈነ ደርሷል። ሲቀዘቅዝ እንደ ሽሮ ስለሚጠጥር፣ ቀጠን እንዳለ ቢያወጡት ይሻላል።

መልስ 2፦
በመዘፈዘፉ ላይ አልስማማም፤ ብዙ የሜክሲኮ ባለሙያዎች ጥቁር ቦሎቄን ሳይዘፈዝፉ ይቀቅሉታል፣ ቀለሙም የበለጠ የጠቆረ ይሆናል። በዘይቱ ግን አይሰስቱ። በአገሩ ወግ የሚጠበሰው በአሳማ ስብ በመሆኑ፣ እኛ በዘይት ስንተካው አነስ ካደረግነው የተቀቀለ ጥራጥሬ ሆኖ ይቀራል። ጥቁሩ ቦሎቄ በተለይ የቬራክሩዝ፣ የኦሃካና የዩካታን ምግብ ሲሆን፣ ኦሃካዎች ሽታው እንስላል የሚመስለውን የሜክሲኮ አቮካዶ ቅጠል አመስ አድርገው ይጨምሩበታል። እኔ ቅጠሉን ሳጣ ትንሽ ከሙን እነሰንስበታለሁ፤ ኦሃካ ለተወለደ ሰው ግን ይህን ባልነግረው ይሻለኛል።

መልስ 3፦
እኔ የምጽፈው ከአዲስ አበባ ነው። እዚህ፣ እንደ ሜክሲኮ ከተማ ሁሉ፣ ከ2,200 ሜትር በላይ ስለሆንን ውሃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ ገደማ ነው፤ ቦሎቄ በተራ ድስት እጅግ ስለሚዘገይ በፕሬዠር ኩከር መቀቀል ግድ ይላል። እርስዎ ባሉበት ቆላማ አገር ተራ ድስት ይበቃል፤ ሆኖም ዓመታት መደርደሪያ ላይ የቆየ ቦሎቄ በቀላሉ አይበስልም። በዝቅተኛ ሙቀት ቀስ ብሎ በሚያበስል የኤሌክትሪክ ድስት ለመቀቀል ካሰቡ ደግሞ፣ ጥሬ ቦሎቄ ውስጥ ያለው ሆድ የሚያውክ መርዝ በደንብ ካልፈላ ስለማይጠፋ፣ መጀመሪያ ምድጃ ላይ ለግማሽ ሰዓት ያንተክትኩት።