የቀበሌ ምርጫ ውጤትን በፍርድ ቤት የሚቃወመው ማን ይሁን? በረቂቃችን ላይ የተደረገ ውይይት

አስተባባሪ፣ ደብረ ማርቆስ፦ ወንድሞችና እህቶች፣ የቀበሌና የወረዳ ምርጫ ለመጨረሻ ጊዜ በአገር አቀፍ ደረጃ የተካሄደው በ2005 ዓ.ም. ነው፤ የ2010ሩ ተራዘመ። ቀኑ ሲቆረጥ ከመሯሯጥ ሐሳባችንን አሁን እንቋጭ። ረቂቁ እንዲህ ይላል፦ «ማንኛውም ሰው የአካባቢ ምርጫን ውጤት በፍርድ ቤት መቃወም ይችላል።» እስከ እሑድ አስተያየታችሁን ስጡ።

ጠበቃ፣ ባሕር ዳር፦ ችግሩ በሩ ላይ ነው። የ1958ቱ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ አንቀጽ 33 በክርክሩ ነገር ላይ መብት ወይም ጥቅም የሌለው ሰው ከሳሽ እንዳይሆን ይከለክላል። የተሸነፈ እጩ ጥቅሙ ይታያል፤ መራጩን ግን «አንተ ምን ቀረብህ?» ብለው ሊመልሱት ይችላሉ። ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 37 ማኅበር ለአባላቱ፣ ግለሰብም ተመሳሳይ ጥቅም ላላቸው ሰዎች ፍትሕ እንዲጠይቅ ይፈቅዳል። የአካባቢ ብክለት ቁጥጥር አዋጅ ቁጥር 300/1995 ደግሞ ጥቅሙን ማሳየት ሳያስፈልገው ማንም ሰው አቤት እንዲል ፈቅዷል። ለወንዝ የተፈቀደ ለድምፅ ምነው ተነፈገ?

መምህር፣ ፍኖተ ሰላም፦ ጠበቃችን ደግ ብለዋል፤ «ማንኛውም ሰው» የሚለው ግን ይቅር። አገራችንን እናውቀዋለን፦ በአንድ የድንበር ቦይ ዕድሜውን ችሎት ላይ የሚጨርስ ሞልቷል። የተሸናፊው አጎት ሁሉ መዝገብ ከከፈተ አሸናፊው ሥራ ሳይጀምር ዘመኑ ያልቃል። በዚያው ቀበሌ የተመዘገቡ 50 መራጮች ፈርመው ይቅረቡ።

አባል፣ ሞጣ፦ መምህር፣ 50 ሰው በግልጽ ፈርሞ ማን ያድራል? በትንሽ ቀበሌ ፈራሚው ሁሉ ይታወቃል። እኔ 10 ይበቃል እላለሁ። ከዚህ የሚብሰኝ ግን ማስረጃው ነው። ድምፅ የሚቆጠረው ጣቢያው ላይ ነው፤ ውጤቱም እዚያው ይለጠፋል። ሰኔ ላይ ከሆነ የእኛን ዝናብ ታውቁታላችሁ፤ ቀለሙ ወርዶ ስድስቱ ከስምንቱ አይለይም። ማኅተም ያለበት ቅጂ በእጁ ያልያዘ መራጭ መክሰስ ቢፈቀድለት ምን ይዞ ይቆማል? ቅጂ የማግኘት መብት በረቂቁ ይግባ፤ የይግባኙም ቀን ቅጂው ከተሰጠበት ዕለት ይቆጠር።

ነጋዴ፣ ደጀን፦ እኔ የምለው ስለ ቦታው ነው። ባሕር ዳር ይታይ የሚል ሐሳብ ሰምቻለሁ። ለደጀን ሰው ባሕር ዳር ከአዲስ አበባ ይርቃል! ደብረ ማርቆስ ከፍተኛ ፍርድ ቤት እያለ ገበሬው ለምን ይንገላታል?

ጠበቃ፣ ባሕር ዳር፦ መንገድ አለው። በሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 80 የክልል ከፍተኛ ፍርድ ቤት የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤትን ሥልጣን ደርቦ ይሠራል። የምርጫ አዋጁ የቀበሌ ውጤት ክርክርን በዚያ ደረጃ ካስቀመጠው ደብረ ማርቆስ ላይ ይታያል። የምርጫ ቦርዱ የአቤቱታ መሰላል ግን አይዘለል፤ ከጣቢያው ጀምሮ ይወጣ።

አስተባባሪ፣ ደብረ ማርቆስ፦ እንዲህ ላስተካክለው፦ «በቀበሌው የተመዘገቡ 10 መራጮች ወይም አባላቱ በዚያ የተመዘገቡ ማኅበር፣ በቦርዱ የአቤቱታ ሥርዓት ካለፉ በኋላ፣ ማኅተም ያለበት ቅጂ በደረሳቸው ማግስት በሚጀምር የጊዜ ገደብ ውስጥ በዞኑ ከፍተኛ ፍርድ ቤት ይግባኝ ማለት ይችላሉ።» መምህር በቁጥሩ እንዳልተስማሙ በቃለ ጉባኤው ይያዝ። ጠበቃችን የገደቡን ቀናት ብዛት ጽፈው እስከ ዓርብ ይላኩልን፤ የሞጣዋ እህታችን ስለ ቅጂው ያለውን አንቀጽ ታርቅቅ።