የኬረላን ባህል በማላያላም ፊልም ለመረዳት ከየት ልጀምር?

ባለ ሪሞት፦
ሰላም ለሁላችሁ። የማላያላም (የህንዷ ግዛት የኬረላ ቋንቋ) ፊልም ከአካባቢው ባህል ጋር የተሳሰረ ነው ሲባል እሰማለሁ። እኔ ሳየው ግን ዝናብ፣ ኮኮናትና ጀልባ ብቻ ነው የሚታየኝ። ምኑን ልብ ልበል?

ካሜራው፦
ኬረላን እንደ አንድ ባህል አትያት ወንድሜ፤ በየአካባቢው ለይተህ እይ። መጀመሪያ «ማሄሺንቴ ፕራቲካራም»ን (እ.ኤ.አ. 2016) ተመልከት። ቦታው ተራራማው ኢዱኪ ነው። ፎቶ አንሺው ማሄሽ ሰው ፊት ይደበደባል፤ እስኪበቀል ድረስ ነጠላ ጫማ ላያደርግ ይምላል። ሁሉም በሚተዋወቅበት ትንሽ ከተማ ባዶ እግር መሄድ ምን ማለት እንደሆነ አስበው። ከዚያ «ሱዳኒ ፍሮም ናይጄሪያ» (2018)፦ ማላፑራም፣ ሙስሊም ቤተሰብ፣ ሰባት ለሰባት የሚገጥሙበት እግር ኳስ። የተጎዳውን ናይጄሪያዊ ተጫዋች የሚያስታምሙት ሁለት እናቶች የፊልሙ ልብ ናቸው። ሁለቱን አከታትለህ ካየሃቸው የቤቱም የአነጋገሩም ልዩነት ራሱ ይታይሃል።

ጆሮ፦
በሂንዲ የተተረጎመውን በፍጹም አትይ፣ ዘዬው እንዳለ ይጠፋል። ሰብታይትልም ቢሆን የካሳራጎድንም የትሪሹርንም ሰው በአንድ ዓይነት እንግሊዝኛ ነው የሚያናግረው። ስለዚህ አንዱን የወደድከውን ትዕይንት ጽሑፉን አጥፍተህ ድገመው፣ ወዲያው የሌላ አካባቢ ፊልም ክፈት። ቋንቋውን ባታውቅም የዜማው ልዩነት ይሰማሃል።

የድሮ ሪል፦
ካሜራው ያለው ለአዲሶቹ ፊልሞች ይሠራል። በ1980ዎቹና 90ዎቹ ግን «የኬረላ ባህል» ተብሎ ስክሪኑን የሞላው በአብዛኛው በኦታፓላም ከተማ ዙሪያ ያለው ቫሉቫናድ ነው፦ የላይኛው ካስት ትልልቅ ቤት፣ የቤተ መቅደስ በዓል። የዚያን ቤት ውድቀት ማየት ከፈለግህ የዳይሬክተር አዱር ጎፓላክሪሽናንን «ኤሊፓታያም» (1981) እይ። አስቀድመህ ግን አንድ ነገር እወቅ፦ እንዲህ ባለው ቤት በሚኖረው በናያር ማኅበረሰብ ውርስ በእናት መስመር ይተላለፍ ነበር፤ ሥርዓቱ በ1975 በወጣ ሕግ ነው የቀረው። በፊልሙ ላም ግቢው ስትገባ የቤቱ ጌታ ኡኒ ራሱ ተነሥቶ አያባርራትም፣ እህቱን ራጃማን ይጠራል። ታሪኩን ካላወቅህ ስንፍና ብቻ ይመስልሃል።

ባለ ሪሞት፦
«ቼሚን»ስ? ሁሉም እሱን ነው የሚጠቅሰው።

የድሮ ሪል፦
እየው፣ ግሩም ፊልም ነው (1965)። ሚስት ካልታመነች ባሕር የሄደ ባሏን የባሕር እናት ትውጠዋለች የሚለውን እምነት ግን ስለ ዓሣ አጥማጆች እንደተሠራ ጥናት አትውሰደው። ፊልሙ የተሠራው ከደራሲው ታካዚ ልብ ወለድ ነው።