«የካሹ ለውዝ» ወይስ ካሹ ብቻ?

የሐይቁ ዳር፦
ባሕር ዳር፣ ጣና ዳር ካለ አንድ ሱቅ የገዛሁት ማሸጊያ ላይ «የካሹ ለውዝ» የሚል ተጽፎበታል። አብሮኝ የነበረ የዘጌ ሰው «ይህ ደግሞ ምኑ ነው ለውዝ?» ብሎ ሞገተኝ። አገላለጹ ያስኬዳል? የዛፉን ክፍሎችስ በአማርኛ ምን ብንላቸው ይሻላል?

ሰምና ወርቅ፦
የዘጌው ሰው ልክ ነው። «ለውዝ» አስቀድሞ ሁለት ተክል የተሸከመ ስም ነው። በመጽሐፍ ቅዱስ ዛፍ ነው፤ ያዕቆብ ከልብንና ከኤርሞን ጋር በትር የወሰደው ከእሱ ነው (ዘፍ. 30፥37)፤ በአሮን በትር ላይ በስሎ የተገኘውም የእሱ ፍሬ ነው (ዘኍ. 17፥8)። ዐረቦችም ያንኑ ዛፍ ለውዝ ይሉታል። ገበያ ስንወጣ ግን ለውዝ ማለት ኦቾሎኒ ነው፤ የባቄላና የአተር ወገን የሆነ፣ ፍሬውን አፈር ውስጥ የሚያፈራ ተክል። ሦስተኛ መጨመር አንባቢን ማደናገር ነው። በቁንዶ በርበሬ የደረሰውን እናውቃለን፤ ወጥ ውስጥ የሚገባው ቅመምም፣ ቅርንጫፉን ዘርግፎ በየመንገዱ ዳር የሚቆመው ዛፍም በአንድ ስም ይጠራሉ፤ ዝምድና ግን የላቸውም። እንዲያውም ዛፉ የካሹ ዘመድ ነው።

የቅርብ ዘመዱ ደግሞ ባሕር ዳር በየግቢው የምናየው ማንጎ ነው። ማንጎ ሲቀነጠስ ከአንገቱ የሚፈሰው ሙጫ ከንፈር እንደሚያቆስል የአካባቢው ልጅ ሁሉ ያውቃል። በካሹ ቅርፊት ውስጥ ያለው ዘይት ከዚያ የከፋ ነው፤ የሚፈለፍለውን ሰው እጅ ይልጣል። እንደ ኦቾሎኒ ከነቅርፊቱ ተሽጦ የማናየውም ለዚህ ነው።

አሁን ወደ ክፍሎቹ። አበባው እንደረገፈ አስቀድማ የምታድገው አረንጓዴ፣ ኩላሊት የመሰለች ፍሬ ናት። ቀጥሎ እሷን ከቅርንጫፉ ጋር የሚያገናኘው ዘንግ ማበጥ ይጀምራል። እያበጠ፣ እየለሰለሰ፣ ቢጫ ወይም ቀይ እየሆነ ይሄድና ከፍሬዋ በብዙ እጥፍ ይበልጣል፤ ፍሬዋ ከሥሩ ተንጠልጥላ ትቀራለች። ጭማቂያሙ ነገር፣ ዓይን ቢማርክም፣ በዕፅዋት ሊቃውንት ዘንድ እውነተኛ ፍሬ አይደለም።

ስሙም እዚህ ላይ ነው የተጓዘው። የዛፉ አገር ሰሜን ምሥራቅ ብራዚል ነው። የአገሩ ነባር ሕዝብ የሆኑት ቱፒዎች «አካዡ» ይሉት የነበረውን ፖርቱጋሎች «ካዡ» አሉት፤ በ16ኛው ክፍለ ዘመንም ተክሉን ወደ ሕንድና ወደ ሞዛምቢክ አሻገሩት። ብራዚል ውስጥ «ካዡ» ሲባል ዛሬም ቀድሞ የሚታሰበው ጭማቂያሙ ክፍል ነው፤ ለደረቁ ፍሬ «ካስታኛ ዲ ካዡ» የሚል ስም አላቸው። ጭማቂያሙ ከተለቀመ በኋላ ብዙም ሳይቆይ ስለሚበላሽ ባሕር አልተሻገረም። የተሻገረው ደረቁ ፍሬ ነው፤ ስሙንም ይዞት ሄደ። ለእኛም የደረሰን እንዲሁ ነው።

እሸት፦
ታዲያ ጭማቂያሙን «የካሹ ፖም» ብንለውስ? እንግሊዞቹ እንደዚያ ይሉታል።

ሰምና ወርቅ፦
ፖም የራሱ ዛፍ አለው፤ ለውዝ ላይ የደረሰውን ለምን በፖም እንደግማለን? ስዋሂሊ ተናጋሪዎች፣ ታንዛንያ ካሹን በብዛት ስለምታመርት፣ ሦስቱንም ለይተው ይጠራሉ፦ ፍሬው ኮሮሾ፣ ዛፉ ምኮሮሾ፣ ጭማቂያሙ ቢቦ። እኛ ዛፉ አጠገባችን ስለሌለ አዲስ ቃል መፍጠር አያስፈልገንም፤ «የካሹ ሥጋ» ይበቃል። ለውስጠኛው ነጭ ክፍል «አስኳል» አለን። ኩላሊት ለመሰለችው ደግሞ «ፍሬ» ራሱ ምን ጎደለው? «አንድ ፍሬ ስንዴ»፣ «ፍሬውን ከገለባው» እንላለን፤ የነገርን ዋና ጉዳይ «ፍሬ ነገር»፣ የማይረባውን ወሬ «ፍሬ ከርስኪ» እንላለን። አማርኛ በ«ፍሬ» የሚጠራው የሚላጠውን ጭማቂያም ብቻ አይደለም፤ ተቆልቶ የሚቆረጠመውንም ነው። በካሹ ላይ ልማዱና የዕፅዋት ሳይንሱ ይገጥማሉ።

የሐይቁ ዳር፦
እንግዲያው ማሸጊያው ምን ቢል ይሻል ነበር?

ሰምና ወርቅ፦
«የተቆላ ካሹ»። ረዘም ይበል ከተባለ «የተቆላ የካሹ ፍሬ»።