ወሊድ ላይ ሾክ የገባች እናት ኮዷ የቱ ነው? አር57.1 ወይስ ኦ75.1?

የካርድ ክፍሉ ልጅ

ሰላም ጀመዓ። ደቡብ ወሎ ውስጥ አንድ ሆስፒታል ኤችአይቲ (የካርድ መረጃ የሚይዝና ለበሽታዎች ኮድ የሚሰጥ ባለሙያ) ነኝ፣ ከጀመርኩ ገና ዓመት አልሞላኝም። አንዲት ካርድ ጠረጴዛዬ ላይ ሦስት ቀን አደረች። እናትየዋ ጤና ጣቢያ ወልዳ፣ እንግዴ ልጁ አልወጣ ብሎ ደም ሲፈሳት በአምቡላንስ ሪፈር የመጣች ናት። ስትደርስ ቢፒዋ (የደም ግፊቷ) 70/40፣ ፐልሷ (የልብ ምቷ) 130። በእጅ አወጡላት፣ ሁለት ከረጢት ደም ወሰደች፣ በአራተኛው ቀን ልጇን ታቅፋ ወጣች አልሐምዱሊላህ። መውጫው ላይ የተጻፈው ዲያግኖሲስ ግን አንድ ቃል ነው፦ «ሾክ» (ደም ለሰውነት በቂ ሳይደርስ ሲቀር)። በቃ። እኔም ከደም መፍሰስ የመጣ ነው ብዬ አር57.1 ሰጠሁት፣ ሃይፖቮሌሚክ ሾክ። አንዷ አዋላጅ አየችና «ይቺ እኮ ወላድ ናት» ብላ ስቃብኝ ሄደች። ምኑ ነው ያሳቃት?

ከወልድያ

አብሽር፣ ሁላችንም በዚያ አልፈናል። ልጅቷ ግን ልክ ናት። በአይሲዲ 10 (የዓለም ጤና ድርጅት የበሽታ ኮዶች ዝርዝር) አር የሚባለው ምዕራፍ የምልክቶች ነው፣ ሌላ ቦታ ያላገኘ ነገር የሚያርፍበት። አር57ን ገልጠህ «አይጨምርም» የሚለውን ብታነበው የወሊድ ሾክን ወደ ኦ75.1 ይመራሃል። ኦ75.1 ማለት በምጥ ጊዜ፣ በወሊድ ጊዜ ወይም ከዚያ በኋላ የመጣ ሾክ ነው። ጤና ጣቢያ ወልዳ እናንተ ጋ ሾክ ላይ ሆና መድረሷ ይህን አይለውጠውም። አንድ ነገር ግን ተጠንቀቅ፦ ወሊዱ የጤና ጣቢያው ነው፣ የእናንተ የወሊድ ቁጥር ውስጥ እንዳትደምራት። እኔ አንድ ጊዜ ደምሬ ሪፖርቱ አልገጥም ብሎ ወር ሙሉ አንከራቶኛል።

ውርጃን ተከትሎ ወይም ከማህፀን ውጭ በተፈጠረ እርግዝና ከመጣ ደግሞ ኦ75.1 አይደለም፣ ኦ08.3 ነው።

ዝም ብዬ አንባቢ

እንግዲያው ኦ75.1 ሰጥቶ መዝጋት ነው። ምን ያወሳስበዋል?

አዋላጇ

ኧረ እንዳትዘጋው ወንድሜ! ሾክ ብቻ ብለህ ከዘጋህ ሴትየዋ ምን እንደሆነች ማንም አያውቅም። ሾክ መድረሻዋ ነው፣ እኛ የምንፈልገው መነሻዋን ነው። እንግዴ ልጅ ቀርቶ ደም ከፈሰሰ ኦ72.0። እንግዴ ልጁ ወጥቶ ማህፀኗ አልኮማተር ብሎ ከሆነ ኦ72.1። ከ24 ሰዓት በኋላ ተመልሶ የመጣ ደም ኦ72.2። እንግዴ ልጁ ቀርቶ ምንም ደም ካልፈሰሰ ደግሞ ኦ73.0 ነው፣ ይህን ብዙ ሰው ከኦ72.0 ጋር ያምታታዋል።

ደግሞ ሾክ ሁሉ የሚታይ ደም የለውም። አንሶላው ላይ ያለው ደም ትንሽ ሆኖ ቢፒዋ ሲወድቅ ነው እኔን የሚያስደነግጠኝ፣ ምክንያቱም ማህፀን ምጥ ላይ ተተርትሮ ደሙ ወደ ሆድ እየገባ ሊሆን ይችላል (ኦ71.1)፣ ወይም ማህፀኑ ራሱ ተገልብጦ (ኦ71.2)። በስድስተኛው ቀን ትኩሳት ይዟት ስትንቀጠቀጥ ከመጣች ሐሳቤ መጀመሪያ ወደ ኦ85 (ከወሊድ በኋላ የሚመጣ ከባድ ኢንፌክሽን) ነው የሚሄደው። ይህ ሁሉ «ሾክ» በምትል አንድ ቃል ሥር ከተደበቀ፣ ለዓመቱ ማህፀን የሚያኮማትረው ኦክሲቶሲንና ደም ስንት ያስፈልገናል ሲባል ምን ይዘን ነው የምንጠይቀው?

ስለዚህ ላንተ ካርድ ኦ72.0 እና ኦ75.1፣ ሁለቱም።

ከወልድያ

ይህን ልጨምር። ኦ72.0ን ግን ከቢፒና ከፐልስ ተነስተህ ራስህ እንዳትፈርድ። ኮድ ሰጪ ሐኪም አይደለም። እንግዴ ልጁ በእጅ መውጣቱን የሚለው ማስታወሻ ካርዱ ውስጥ አለ አይደል? ካርዱን ይዘህ ሐኪሙ ጋ ሂድና መውጫው ላይ እንዲጽፈው ለምነው። ሲቸኩሉ ይነጫነጫሉ፣ ቻለው።

እናትየዋ አላህ አያድርገውና ብትሞት ኖሮም ነገሩ እዚያው ነው። የሞት ምስክር ወረቀቱ ላይ ሾክ የመጀመሪያው መስመር ላይ ይሆናል፣ ከሥሩ ደም መፍሰሱ፣ ከሥሩ የቀረው እንግዴ ልጅ። ለሞቱ መነሻ ተብሎ የሚቆጠረው ከታች ያለው ነው እንጂ ሾኩ አይደለም። ሾክን ብቻ ጽፎ መተው «ልቧ ስለቆመ ሞተች» እንደማለት ነው።

እናንተ ጋ የሚሠራበት የአይሲዲ 11 ዝርዝር ከሆነ ደግሞ ኦ የሚባል ነገር የለም፣ የእርግዝናና የወሊድ ምዕራፉ 18ኛው ነው፣ ኮዶቹም በጄ ይጀምራሉ። ሁለቱን አትቀላቅል። አስተሳሰቡ ግን ያው ነው።

የካርድ ክፍሉ ልጅ

ጀዛኩሙላህ ኸይር፣ እግዚአብሔር ይስጥልን። ሐኪሙ እንዳላችሁት ተነጫንጮ ጻፈልኝ። እኛ ጋ 10 ነው የሚሠራው። አሁን ሳስገባው ግን «አልተገኘም» ይለኛል፣ ሁለቱንም። 072.0 ብዬም 075.1 ብዬም ሞከርኩ።

አዋላጇ

ወንድሜ፣ ዜሮ እኮ አይደለም። ፊደል ናት። ኦ።

የካርድ ክፍሉ ልጅ

ገባ። እንዳትነግሪብኝ።