በሱፐር ኒንቴንዶ ክላሲክ ሚኒ ላይ ተጨማሪ ጌሞችን ስለ መጫን፦ ጥያቄና መልስ

ጥያቄ (አዲስ አበባ፣ የሁለት ልጆች አባት)

ሰላም ለሁላችሁ ይሁን። በቨርጂኒያ የምትኖረው እህቴ ለልጆቼ ሱፐር ኒንቴንዶ ክላሲክ ሚኒ የተባለውን ትንሽ የጌም ማሽን ልካልኛለች። በውስጡ 21 ጌሞች አብረው መጥተዋል፤ ልጆቹም አብዛኞቹን ተጫውተው ጨርሰዋቸዋል። ማሽኑ እንደ ድሮዎቹ ካሴት የሚሰካበት ቦታ የለውም፤ ኢንተርኔት ላይ ገብቶ ጌም የሚገዛበት መንገድም የለውም። አንድ ሱቅ ጠይቄ ነበር፤ «ፈትተን ውስጡን በብዙ መቶ ጌሞች እንሞላልሃለን» ብለውኛል። ነገር ግን ከእህቴ የመጣ ስጦታ ስለሆነና ቢበላሽ የምተካበት መንገድ ስለሌለኝ፣ ለማያውቁት ሰው አሳልፎ መስጠቱ ከበደኝ። እኔው ራሴ በቤቴ ልሠራው እችላለሁን? ምን ያስፈልገኛል? የማሽኑንስ ነባር ጌሞችና ልጆቹ ያስቀመጡትን ጨዋታ አጠፋ ይሆን? ዊንዶውስ የተጫነበት ላፕቶፕ አለኝ፤ ፕሮግራም መጫንና ፋይል መገልበጥ እችላለሁ፣ ከዚያ ያለፈ ሙያ ግን የለኝም።

መልስ (የኤሌክትሮኒክስ ጥገና ባለሙያ፣ አዲስ አበባ)

ወንድሜ፣ ማሽኑን ለማንም አይስጡ፤ ብሎኑንም አይንኩት። ይህ ሥራ መፍቻ የሚጠይቅ አይደለም፤ የሚሠራው ከማሽኑ ጀርባ ባለው የዩኤስቢ ቀዳዳ በኩል ብቻ ነው።

ይህች ማሽን ከላይ ስትታይ የ1990ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ሱፐር ኒንቴንዶ ትመስላለች እንጂ፣ ውስጧ ኦልዊነር አር16 የተባለ ቺፕና 512 ሜጋባይት ማከማቻ ያለው፣ በሊኑክስ (እንደ ዊንዶውስ ያለ ሥርዓት ነው) የሚነሳ ትንሽ ኮምፒውተር ነው። ጌሞቹ የሚሠሩት የድሮውን ማሽን ጠባይ በሚያስመስል ካኑ በተባለ ፕሮግራም ነው። ስለዚህ ጌም መጨመር ማለት ፋይል ወደ ኮምፒውተር መገልበጥና ለዝርዝሩ ማሳወቅ ማለት ነው። ይህንን የሚያከናውነው ሃክቺ የተባለ ነፃ ፕሮግራም ነው፤ ሃክቺ 2 የተባለውን የዊንዶውስ ዓይነቱን የጻፈው ክላስተር በሚባል ስም የሚታወቅ ሩሲያዊ ፕሮግራመር ሲሆን፣ ኋላ ላይ ቲም ሺንካንሰን የተባሉ ሰዎች ተረክበው ሃክቺ 2 ሲኢ በሚል ስም አሳድገውታል። እርስዎ የሚፈልጉት ይህንኛውን ነው።

አሠራሩ እንዲህ ነው። ማሽኑን ከቴሌቪዥኑ ነቅለው በዩኤስቢ ገመድ ከላፕቶፑ ጋር ያገናኙት፤ ኤችዲኤምአይ ገመዱ በዚህ ሰዓት አያስፈልግም። ሃክቺን ከፍተው የመጀመሪያውን ጭነት ሲጀምሩ፣ የሪሴት ቁልፉን ተጭነው እንደያዙ ማብሪያውን እንዲያበሩ ይጠይቅዎታል። ለጥቂት ሰከንድ ያህል ሪሴቱን ይዘው ይቆዩ። መብራቱ ካልበራ አይደንግጡ፤ መሆን ያለበት እንደዚያ ነው፣ ማሽኑ ከኮምፒውተር ትእዛዝ ለመቀበል ዝግጁ ሆኗል ማለት ነው። ይህ የመቀበያ ስልት ቺፑ ሲመረት በውስጡ የተቀረጸ ስለሆነ በምንም ዓይነት ሶፍትዌር ስህተት ሊጠፋ አይችልም፤ ማሽኑ ቢሰናከል እንኳ በዚያው በር ተመልሶ የሚገባበት ምክንያት ይኸው ነው።

አሁን ግን አጥብቄ የምለምንዎት አንድ ነገር አለ። አንድም ጌም ከመጨመርዎ በፊት የማሽኑን ሙሉ መጠባበቂያ ቅጂ ይውሰዱ። ሃክቺ ራሱ ይህንን የሚሠራ ምርጫ አለው፤ ዋናውን ከርነልም (የማሽኑን ሥርዓት እምብርት) ሆነ መላውን ማከማቻ ወደ ላፕቶፑ ይገለብጥልዎታል። እኔ ዘንድ «ጌም ሲጫንበት ተበላሸ» ተብለው ከሚመጡት ውስጥ የሚያስቸግሩኝ ይህ ቅጂ ያልተወሰደላቸው ናቸው፤ ቅጂው ያላቸው ባለቤቶችማ ቤታቸው ሆነው ይመልሱታል።

ስለ ነባሮቹ ጌሞች አይጨነቁ፤ ሊጻፍበት በማይችል የማከማቻ ክፍል ውስጥ ስለሚገኙ ሃክቺ ሊደብቃቸው ይችላል እንጂ አይሰርዛቸውም። የልጆቹ ጨዋታ የተቀመጠው ግን በሌላኛው ክፍል ስለሆነ፣ በሃክቺ ውስጥ ባለው የተቀመጡ ጨዋታዎች ማስተዳደሪያ ለብቻው ይገልብጡት።

ስለ መብራት መቆራረጥም ልጨምር። ማሽኑ ኃይል የሚያገኘው ከዚያው ከላፕቶፑ ዩኤስቢ ስለሆነ፣ የላፕቶፕዎ ባትሪ ሞልቶ ከጀመሩ መብራት ቢጠፋም ሥራው አይቋረጥም። በዴስክቶፕ ኮምፒውተር የሚሠራ ሰው ግን ያለ ዩፒኤስ (መብራት ሲጠፋ ኃይል የሚሰጥ ባትሪ) ባይሞክረው እመርጣለሁ።

መልስ (ሜሪላንድ፣ አሜሪካ)

ባለሙያው ወንድማችን የነገሩዎትን ሁሉ እደግፋለሁ፤ እኔም በዚሁ መንገድ የራሴን ከሠራሁት ቆይቷል። የምጨምረው ስለ ብዛት ነው፣ ምክንያቱም ሱቁ «ብዙ መቶ» ያለዎት ነገር እንደ ትልቅ ጥቅም እንዳይታይዎት እፈልጋለሁ።

ከ512 ሜጋባይቱ ውስጥ የማሽኑ ሥርዓትና ነባሮቹ ጌሞች የሚይዙት ሲቀነስ፣ ለእርስዎ የሚተርፈው ወደ 300 ሜጋባይት ገደማ ነው። የሱፐር ኒንቴንዶ ጌሞች ትንንሽ ናቸው፤ ትልቁ እንኳ ከ6 ሜጋባይት አይበልጥም፣ ብዙዎቹም ከ1 እስከ 2 ሜጋባይት ናቸው። ስለዚህ በቦታ ደረጃ ብዙ ይገባል። ነገር ግን በአንድ ገጽ ላይ ከመጠን በላይ ጌም ሲደረደር የማሽኑ ምናሌ መሸከም ያቅተውና ሲ8 የሚል የስህተት ምልክት አሳይቶ ይቆማል፤ ያን ጊዜ ብዙ ሰው ማሽኑ የሞተ ይመስለዋል። መድኃኒቱ ጌሞቹን በፎልደር መከፋፈል ነው። እኔ በአንድ ፎልደር ከ30 አላሳልፍም። ደግሞም ልጆች ካየኋቸው አንፃር፣ አምስት መቶ ጌም ፊታቸው ሲደቀን አንዱን ከፍተው ሳይገባቸው ሌላውን ይከፍታሉ፤ በጥንቃቄ የተመረጡ ሃያ ጌሞች ግን የክረምቱን ዕረፍት ሙሉ ያጫውቷቸዋል። እንዲያውም ከነባሮቹ ውስጥ ስታር ፎክስ 2ን አይተውት እንደሆነ ልጠይቅ፤ የስታር ፎክስን የመጀመሪያ ደረጃ ያላለፈ ሰው ተቆልፎበት ነው የሚያየው። በ1990ዎቹ እ.ኤ.አ. ተሠርቶ ሳይወጣ የቀረ፣ ለመጀመሪያ ጊዜ በይፋ የወጣውም በ2017 እ.ኤ.አ. በዚህችው ማሽን ላይ ስለሆነ ሊዘለል የሚገባው አይደለም።

ሌላው ስለ ጌሙ ቅጂ ነው። አንድ ጌም የአሜሪካና የአውሮፓ ቅጂ ካለው የአሜሪካውን ይምረጡ። የድሮዎቹ የአውሮፓ ቴሌቪዥኖች በሴኮንድ 50 ጊዜ፣ የአሜሪካና የጃፓኖቹ 60 ጊዜ ምስል ያድሱ ስለነበር፣ ብዙዎቹ የአውሮፓ ቅጂዎች እንቅስቃሴያቸውም ሙዚቃቸውም ቀርፋፋ ነው። በ2018 እ.ኤ.አ. የወጣው ፕሌይስቴሽን ክላሲክ የተባለው የሶኒ ትንሽ ማሽን እንኳ ከ20 ጌሞቹ 9ኙ እነዚሁ የ50ዎቹ ቅጂዎች በመሆናቸው ብዙ ተወቅሷል።

መልስ (የሶፍትዌር ባለሙያ፣ አዲስ አበባ)

ጌሞቹ ከየት ይምጡ የሚለው ጥያቄ እስካሁን አልተነሣምና እኔ ላንሣው። በኢንተርኔት ላይ የድሮ ጌሞች ቅጂ በየቦታው ተበትኖ ይገኛል፤ ጌሙ ስላረጀ ግን ባለቤት አልባ ሆነ ማለት አይደለም። በአገራችንም የቅጂና ተዛማጅ መብቶች ጥበቃ አዋጅ ቁጥር 410/1996 የኮምፒውተር ፕሮግራምን ከሚጠበቁ ሥራዎች ውስጥ አካቶታል። ሶፍትዌር ጽፌ የምኖር ሰው እንደመሆኔ፣ የሌላውን ድካም ያለ ፈቃዱ ውሰዱ ብዬ ለመምከር ህሊናዬ አይፈቅድልኝም።

ደስ የሚለው ግን ለእነዚህ ማሽኖች ዛሬም አዳዲስ ጌም የሚሠሩ ሰዎች መኖራቸው ነው። አንዳንዶቹ በነፃ ይሰጣሉ፣ ሌሎቹ ፋይሉን በጥቂት ዶላር ይሸጣሉ። ለምሳሌ ሞርፍካት ጌምስ በ2019 እ.ኤ.አ. ያወጣው ማይክሮ ሜጅስ ለመጀመሪያው ኒንቴንዶ የተሠራ ሲሆን፣ እስከ አራት ሰው ያጫውታል። መላው ጌም 40 ኪሎባይት ብቻ ነው፤ በስልካችን ከምናነሣው አንድ ፎቶግራፍ በብዙ እጥፍ ያነሰ ማለት ነው። ሁለት ልጆች ተባብረው ግንብ የሚወጡበት ስለሆነ ለእርስዎ ቤት የሚስማማ ይመስለኛል። ክፍያውን ከዚህ ለመፈጸም ካስቸገረዎ እህትዎ ገዝተው ፋይሉን በኢሜይል ሊልኩልዎ ይችላሉ። የድሮ ካሴቶችም በእጃቸው ካሉ፣ ካሴቱን በዩኤስቢ አንብቦ ወደ ፋይል የሚቀይር አነስተኛ መሣሪያ አለ።

ጠያቂው

እግዚአብሔር ይስጥልኝ፣ ሁላችሁንም። እህቴን አነጋግሬ ማይክሮ ሜጅስን ገዝታ ልካልኛለች። ሃክቺንም ጭኛለሁ። ይሁንና ሪሴቱን ይዤ ማብሪያውን ባበራ፣ ደጋግሜ ብሞክር፣ ላፕቶፑ ምንም ነገር እንደተሰካበት አላወቀም። ገመዱ የስልኬ ቻርጀር ነው፤ ማሽኑ በእሱ በደንብ ይነሣል። ችግሩ ከላፕቶፑ ይሆን?

መልስ (የጥገና ባለሙያው)

ችግሩ ከገመዱ ነው ብዬ እገምታለሁ። በገበያ ከሚሸጡት የስልክ ገመዶች ብዙዎቹ በውስጣቸው ያላቸው ኃይል የሚያሳልፉት ሁለት ሽቦዎች ብቻ ናቸው፤ መረጃ የሚያሳልፉት ሁለቱ ሽቦዎች ተቀንሰዋል። ስለዚህ ማሽኑ ይነሣል፣ ኮምፒውተሩ ግን አያየውም። ከማሽኑ ጋር በካርቶኑ ውስጥ አብሮ የመጣው ገመድ ኃይልንም መረጃንም ስለሚያሳልፍ እሱን ይጠቀሙ። ገመዱን ቀይረውም ካልታየ፣ ከላፕቶፑ ሌላ የዩኤስቢ ቀዳዳ ላይ ይሰኩት፤ በማከፋፈያ በኩል አይሰኩት። ከዚያም ሃክቺ የሚያቀርብልዎትን ድራይቨር (ዊንዶውስ ማሽኑን እንዲያውቅ የሚያደርግ ትንሽ ፕሮግራም) መጫኑን ያረጋግጡ፤ አንዳንድ ጊዜ አንቲቫይረስ ይከለክለዋል።

ጠያቂው

ገመዱ ነበር! ካርቶኑን ከቁም ሣጥን አውርጄ የራሱን ገመድ ስሰካ ወዲያው ታየ። በተነገረኝ መሠረት አስቀድሜ ሙሉ ቅጂውን ወሰድሁ፣ የልጆቹንም የተቀመጠ ጨዋታ ገለበጥሁ። ከዚያ በኋላ አንድ በነፃ የሚሰጥ የሱፐር ኒንቴንዶ ጌምና ማይክሮ ሜጅስን ጨመርሁ። ሁለቱም በዝርዝሩ ላይ ከነሥዕላቸው ታዩ። የመጀመሪያው በሚገባ ይሠራል፤ ማይክሮ ሜጅስ ግን ሲከፈት ስክሪኑ ጠቁሮ ወደ ምናሌው ይመለሳል። ልጆቹ በጉጉት የጠበቁት እሱን ነበርና እባካችሁ ብትረዱኝ።

መልስ (ሜሪላንድ)

ወንድሜ፣ ፋይሉ አልተበላሸም። የእርስዎ ማሽን ውስጥ ያለው ካኑ የሱፐር ኒንቴንዶን ጌም ብቻ የሚያውቅ ነው፤ ማይክሮ ሜጅስ ደግሞ ከእሱ በፊት ለነበረው ለመጀመሪያው ኒንቴንዶ የተሠራ ነው። ስማቸው ቢቀራረብም ሁለቱ ፍጹም የተለያዩ ማሽኖች ናቸው። ስለዚህ የሌሎች ማሽኖችን ጌም የሚያስኬደውን ሬትሮአርች የተባለ ተጨማሪ ፕሮግራም በሃክቺ የሞጁሎች (የተጨማሪ ክፍሎች) ዝርዝር በኩል ይጫኑ፤ ከእሱም ጋር የመጀመሪያውን ኒንቴንዶ የሚያስመስለውን ኔስቶፒያ የተባለ ኮር ይጨምሩ። ቀጥሎ በጌሙ ዝርዝር ውስጥ ማይክሮ ሜጅስን መርጠው ማስኬጃው ኔስቶፒያ እንዲሆን ያድርጉና እንደገና ወደ ማሽኑ ይላኩት። የሚያስፈልግዎትን ኮር ብቻ ይጫኑ፤ ሁሉንም ከጫኑ ከዚያችው ከ300 ሜጋባይት ላይ በከንቱ ይወስዱብዎታል።

ወደ ምናሌው ለመመለስ ልጆቹ እየተነሡ የማሽኑን ሪሴት መጫን አይጠበቅባቸውም። ሃክቺ ከተጫነ በኋላ ሰሌክትንና የታች ቀስቱን አብረው ቢይዙ ይመለሳል። ይህ ጥምረት በሃክቺ ቅንብሮች ውስጥ ሊቀየር ይችላል፤ በአንዳንድ ጌም ላይ ሳያስቡት የሚነኩት ከሆነ ቀይሩት።

ሌላ ጠያቂ (ሪያድ)

በዚሁ አጋጣሚ፣ እኔ ዘንድ ያለው ፕሌይስቴሽን ክላሲክ ነው። በዚሁ ሃክቺ ይሠራልን?

መልስ (የጥገና ባለሙያው)

ለእሱ መንገዱ የተለየ ነው፣ ይበልጥም ይቀልላል። አውቶብሊም የተባለውን ፕሮግራም በፍላሽ ላይ ያድርጉ፤ ፍላሹን ፋት32 በተባለው የፋይል አደራደር ፎርማት አድርገው ስሙን በላቲን ፊደል «ሶኒ» ብለው ይሰይሙት፣ ከዚያም በሁለተኛው ተጫዋች ቀዳዳ ይሰኩት። ጌሞቹ ከፍላሹ ስለሚነሡ የማሽኑ ውስጥ አይነካም፤ ፍላሹ ሲነቀል ማሽኑ እንደነበረው ነው። ቀዳዳው የሚሰጠው ኃይል አነስተኛ ስለሆነ አንዳንድ ፍላሾች አይነሡበትም፤ አንዱ ባይሠራ ሌላ ዓይነት ይሞክሩ እንጂ ማሽኑን አይጠራጠሩ።

ጠያቂው

ሬትሮአርችን ጭኜ በተነገረኝ መንገድ ቀየርሁት፤ ማይክሮ ሜጅስ ተከፈተ። ልጆቹ ከምሳ በኋላ የጀመሩት እስካሁን አላቆሙም። ለእህቴም በስልክ አሳየኋት። አንድ ነገር ብቻ ልጠይቅ፤ የወሰድሁትን ሙሉ ቅጂ የት ባስቀምጠው ይሻላል? ላፕቶፑ አሮጌ ነውና።

መልስ (የጥገና ባለሙያው)

ቢያንስ በሁለት ቦታ ያስቀምጡት፤ አንዱን በፍላሽ ላይ፣ ሌላውን በኢሜይልዎ የኢንተርኔት ማከማቻ ላይ። ከ512 ሜጋባይት ስለማይበልጥ ማንኛውም ፍላሽ ይበቃዋል። ፋይሉን ሲሰይሙ ቀኑንና የማሽኑን ዓይነት ይጻፉበት፤ ፍላሹንም ከዚያው ገመድ ጋር በካርቶኑ ውስጥ ያኑሩት።