የሊቲየም ባትሪ አሞላል በጋራ መኖሪያ ግቢያችን፦ ለጠቅላላ ጉባኤ የሚቀርብ የጋራ ሐሳብ

የማኅበሩ ጸሐፊ፦
የተከበራችሁ አባላት፣ የኤሌክትሪክ ሞተር ሳይክልና የብስክሌት ባትሪዎችን የሚመለከተው ረቂቅ እስካሁን «በቤት ውስጥና በደረጃ ሥር ባትሪ መሙላት ክልክል ነው» ከሚል አንድ ዓረፍተ ነገር አላለፈም። እንዲዳብር አስተያየታችሁን በጽሑፍ እንድትሰጡ በአክብሮት እጠይቃለሁ።

የሦስተኛው ሕንፃ ተወካይ፦
ክልከላውን ብቻ ይዘን ብንቀርብ አደጋውን እንሸሽገዋለን እንጂ አናስወግደውም። በሞተር ዕቃ በማድረስ የሚተዳደሩ ወጣቶች ባትሪያቸውን ነቅለው ወደ ቤት የሚያስገቡት ሌላ ቦታ ስለሌላቸው ነው፤ ቦታ ሳንሰጥ ብንከለክላቸው በራቸውን ዘግተው አልጋ ሥር ይሞላሉ። የደረጃው ክልከላ ግን ያለ ምንም ልዩነት ይጽና፤ እሳት እዚያ ከተነሣ ከላይ ፎቅ ያሉ አረጋውያንና ሕፃናት የሚወርዱበት ሌላ መንገድ የለም።

በሙያቸው ኤሌክትሪሺያን የሆኑ አባል፦
በተወካያችን ሐሳብ እስማማለሁ፤ ሆኖም ረቂቁ ስለ ቻርጀሩም መናገር አለበት። «60 ቮልት» ተብለው የሚሸጡ ሁለት ባትሪዎች አንድ ዓይነት ላይሆኑ ይችላሉ፦ 17 ሴሎች (ባትሪው የተሠራባቸው ትናንሽ የኃይል ማከማቻዎች) በተከታታይ የተያያዙበት የኒኬል፣ ማንጋኒዝና ኮባልት ባትሪ በ71.4 ቮልት ሲሞላ፣ 20 ሴሎች ያሉት የሊቲየም አይረን ፎስፌት ባትሪ ግን 73 ቮልት ይፈልጋል። መሰኪያው ስለገጠመ ብቻ የሁለተኛውን ቻርጀር ለመጀመሪያው ብንጠቀምበት እያንዳንዱ ሴል ከ4.2 ቮልት ወሰኑ አልፎ ወደ 4.3 ይጠጋል። ያን ጊዜ የቀረን መከላከያ በባትሪው ውስጥ ያለው የመቆጣጠሪያ ሰሌዳ ብቻ ነው፤ ተፈትተው በተጠገኑ ባትሪዎች ላይ ደግሞ እርሱም አያስተማምንም። ስለዚህ ባትሪና ቻርጀሩ በአንድ ቁጥር ይመዝገቡ፤ የወደቀ፣ ውሃ የገባበት ወይም ያበጠ ባትሪ ፈጽሞ አይሰካ።

የማኅበሩ ሒሳብ ሹም፦
ከጥበቃ ቤቱ ጀርባ፣ ከሕንፃዎቹ ራቅ ብሎ በብሎኬት የሚሠራ የባትሪ መሙያ ክፍል ከማኅበሩ ገንዘብ ሊሸፈን ይችላል፤ የመብራቱን ሒሳብ ግን ለብቻው በሚገባ ቆጣሪ ተጠቃሚዎቹ ይክፈሉ። በየፎቁ የተሰቀሉት የዱቄት እሳት ማጥፊያዎች ለክፍሉ አይበቁም?

ኤሌክትሪሺያኑ አባል፦
አይበቁም። ዱቄቱ ነበልባሉን ቢያጠፋም ሙቀቱ በውስጥ ከሴል ወደ ሴል ስለሚዛመት፣ የጠፋ የመሰለው ባትሪ ከሰዓታት በኋላ እንደገና ሊነድ ይችላል፤ የሚያበርደው ብዙ ውሃ ነው። ጭሱም እንደ ሃይድሮጂን ፍሎራይድ ያሉ መርዛማ ጋዞች ስላሉበት፣ ነዋሪው ከእሳቱ ጋር እንዲታገል ሳይሆን ሰው አስወጥቶ ወደ እሳት አደጋ ስልክ 939 እንዲደውል በግልጽ ይጻፍ። ብሬከሩ ከክፍሉ ውጭ ይተከል፤ የጥበቃ ሠራተኛው ሳይገባ መብራቱን መቁረጥ መቻል አለበት።

የሦስተኛው ሕንፃ ተወካይ፦
አንድ ነገር ይጨመር። ወጣቶቹ ማታ ገብተው ንጋት ላይ ስለሚወጡ ሌሊት መሙላትን ብንከለክል ክፍሉ ባዶ ይቀራል፤ ይልቁንም ሌሊት ተረኛው ጥበቃ በየጊዜው እየዞረ እንዲያይ ይደንገግ።

የማኅበሩ ጸሐፊ፦
ሁሉንም በረቂቁ አስገባለሁ፤ ክልከላውም ክፍሉ ተሠርቶ አገልግሎት በሚጀምርበት ቀን እንዲጸና አድርጌ እጽፋለሁ፤ የደረጃው ግን ጉባኤው ካጸደቀበት ዕለት ጀምሮ ይሆናል። የቤት ኢንቨርተር ባትሪዎች ተነቅለው ወደ ክፍሉ የሚሄዱ ስላልሆኑ በዚህ ረቂቅ አይካተቱም፤ ኤሌክትሪሺያኑ አባላችን ለእነርሱ የተለየ አንቀጽ እንዲያዘጋጁልን እጠይቃለሁ።