ብሩሽና መድረክ አብሮ አይሄድም ወይ?

ታቦር_ሥር፦
ሰላም ለዚህ ቤት። ሐዋሳ ነኝ፣ 27 ዓመቴ ነው። ቀን ቀን አቶቴ አካባቢ ሰሌዳ እጽፋለሁ፤ የባጃጅ ጀርባ፣ የምግብ ቤት በር፣ የተገኘውን ሁሉ። ቅዳሜና እሑድ ከሰፈር ልጆች ጋር ቴአትር እንለማመዳለን። ባለፈው ሳምንት ሙያውን ያስተማረኝ ሰውዬ «ሁለት እግር አለኝ ተብሎ ሁለት ዛፍ ላይ አይወጣም፣ አንዱን ምረጥ» አለኝ። ከዚያ ወዲህ ብሩሽ ስይዝም መድረክ ላይ ስቆምም ቅር ይለኛል።

ምክሩን ተዉትና ሁለቱንም ይዞ ያረጀ ሰው ካለ ስሙን ንገሩኝ። ስለ ንቅሳት የሚሥል፣ ሰው ፊትም ትርኢት የሚያሳይ አንድ አልጄሪያዊ እንዳለ ሰምቼ ነበር፤ ስሙ ጠፋኝ። ጆሮዬ የቆመው በአያቴ ምክንያት ነው። አንገቷ ላይ ሦስት መስመር ንቅሳት አላት፤ ስትስቅ መስመሮቹ ይጠጋጋሉ።

ጋሽ_ቀለም፦
ልጄ፣ የምትለው ዴኒስ ማርቲኔዝን ነው። (ዓመቶቹን በፈረንጅ ልበልህ።) በ1941 ኦራን አካባቢ ተወለደ፤ ከ1963 ጀምሮ ለ30 ዓመት ያህል አልጄርስ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት አስተማረ። በ1967 ከሠዓሊው ሹክሪ መስሊና ከሌሎች ጋር «አውሼም» የሚባል ቡድን አቋቋመ። ቃሉ ራሱ ንቅሳት ማለት ነው! አገራቸው ከፈረንሳይ ነፃ ከወጣች ገና አምስት ዓመቷ ነበር። እነሱ ግን ሥራችንን የምንቀዳው ከፓሪስ አይደለም አሉ፤ ከሴቶቹ ንቅሳት፣ ከሸክላው፣ ከምንጣፉ፣ ወደ ኋላም በሰሃራ በረሃ ካሉት የታሲሊ ጥንታዊ የዋሻ ሥዕሎች ነው አሉ።

አሁን ወዳንተ ልምጣ። ንቅሳት ሸራ ላይ ተወልዶ አያውቅም፤ ገላ ላይ ነው፣ ግድግዳ ላይ ነው። ማርቲኔዝም ምልክቱን ተከትሎ ከሸራው ወጣ፤ ሰው በተሰበሰበበት ግድግዳና መሬት ላይ ይሥላል፣ ግጥም ያነባል፣ ካቢሊያ በሚባለው የአልጄሪያ ተራራማ አካባቢ መንደር ውስጥ ነዋሪውን ራሱን ያሳትፋል። በ1994፣ አገሪቱ በእርስ በርስ ጦርነት በደም ስትታጠብ፣ ተሰዶ ወደ ማርሴይ ሄደ። እዚያም አላቆመም። ሩቅ ሳትሄድ ደግሞ የኛው ገብረ ክርስቶስ ደስታ ሠዓሊም ገጣሚም ነበር፤ ማን ነው ምረጥ ያለው?

አሞራ_ገደል_ጠዋት፦
ጋሼ አልጄሪያዊቷን ሠዓሊ ባያን ረሷት? ከአውሼም ጋር ሥራዋን አሳይታለች እኮ። ወላጅ አልባ ሆና አድጋ፣ በ1947 ገና 16 ዓመት ሳይሞላት ፓሪስ ማዬግ ጋለሪ ዐውደ ርዕይ የከፈተች ናት። በ1953 ብሊዳ በምትባል የአልጄሪያ ከተማ የአንዳሉስ ሙዚቃ የሚጫወት ሰው አገባች፤ ከዚያ አሥር ዓመት ያህል ብሩሽ አልነካችም። በ1963 ስትመለስ ሥዕሏ በሙዚቃ መሣሪያ ተሞላ፤ ከሴቶቹና ከወፎቹ መሀል ኡድ፣ ቫዮሊን። የቤቷ ድምፅ ነው ብዬ አምናለሁ። (የኔ ክራር ሦስተኛ ልጄን ከወለድኩ ወዲህ ቁም ሳጥን ላይ ተኝቷል። ስለዚህ ነው ይህቺን ሴት የምወዳት።)

ባለ_ደረሰኝ፦
ሁሉም ደስ ይላል፤ ግን ማርቲኔዝ መምህር ነበር፣ ደመወዝ ነበረው። ወንድሜ፣ የባጃጁን ሥራ እንዳትተው። ቀብድ ሳትቀበልም አትጀምር።

ታቦር_ሥር፦
ጋሼ፣ እግዜር ይስጥልኝ። እህቴም አመሰግናለሁ፤ ክራሩን አውርጂው። ባለ_ደረሰኝ፣ ቀብዱን ሰምቻለሁ፤ ባለፈው ወር አንዱ በልቶኛል።

ትናንት ማታ አያቴን እንዴት እንደተነቀሰች ጠየቅኋት። በእሾህና በጥላሸት ነው አለችኝ፤ እሷ እያለቀሰች ነቃሿ እንዳትንቀሳቀስ ትዘፍንላት ነበር። ዘፈኑን አስታውሳ ግማሹን አዜመችልኝ፤ በስልኬ ቀድቼዋለሁ። ለቅዳሜው ልምምድ ድምፁን እያሰማን እኔ ከኋላ ትልቅ ጨርቅ ላይ ሦስቱን መስመር ልሥል አስቤአለሁ። አሁን የቸገረኝ ጨርቁ ነው፤ ሐዋሳ አቡጀዲ በርካሽ የሚሸጥበት ሱቅ የምታውቁ?